ሄርኩለስን ማን ሰለበው?

እ.ኤ.አ. በ1997 ዋልት ዲዝኒ የተባለው የአሜሪካ ፊልም ኩባንያ «ሄርኩለስ» የተሰኘ የካርቱን ፊልም ሠራና ለግሪኮች አንድ ጥያቄ አቀረበ። ፊልሙን በአቴና ከተማ፣ ፕኒክስ በተባለው ጥንታዊ ኮረብታ ላይ፣ በአደባባይ ላስመርቀው አለ። የግሪክ መንግሥት እምቢ አለ። የአገሩ ጋዜጦችም ነጋዴ ለኪሱ ሲል ታሪካችንን አጣመመ፣ ባህላችንን አረከሰ እያሉ ወረዱበት።

እሰይ፣ አበጁ! የሚል አንባቢ እንደማይጠፋ አውቃለሁ። የአባቶቹ ቅርስ በዶላር ሲቸረቸር ዝም ብሎ የሚያይ ሕዝብ ምን ሕዝብ ነው? ይሁን እንጂ ችግሩ ወዲህ ነው። ግሪኮቹ ትክክለኛውን ሌባ ያዙና በተሳሳተ ወንጀል ከሰሱት። ክሱ ስለተሳሳተም ሌባው በነፃ ወጣ።

ምን ብለው ነበር የከሰሱት? በአማልክቶቻችን ላይ ሳቀ፣ ተረታችንንም እንዳሻው ለዋወጠ ብለው ነው። በእነዚህ ሁለት ወንጀሎች የሚከሰስ ሰው ከተፈለገ የመጀመሪያው ተከሳሽ ዲዝኒ ሳይሆን የገዛ ልጃቸው አሪስቶፋነስ ነው። ወንጀሉ የተፈጸመበት ቦታም ሩቅ አይደለም። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ425 ዓመት ያቀረበው «አካርናውያን» የተባለ ኮሜዲ የሚጀምረው በዚያው ዲዝኒ በተከለከለው ኮረብታ፣ በፕኒክስ ላይ ነው። ፕኒክስ የአቴና ሕዝብ ተሰብስቦ ስለ ጦርነትና ስለ ሰላም የሚወስንበት ሸንጎ ነበር። ዲካዮፖሊስ የሚባል አንድ ባላገር ጎህ ሲቀድ መጥቶ ከባዶው ሸንጎ ላይ ብቻውን ቁጭ ብሏል። ሹማምንቱ አርፍደዋል። እሱ ያዛጋል፣ ይንጠራራል፣ ይቅርታ ይደረግልኝና ፈሱን ይፈሳል፤ ባለሥልጣናቱ ከረፈደ በኋላ ሲመጡ የፊት ወንበር ለመያዝ እንዴት እንደሚገፋፉም ከወዲሁ ይራገማል። እንግዲህ ለካርቱን የተነፈገው ቅዱስ ቦታ ይኸው ነው!

በአማልክት መሳቅማ ለግሪኮች የበዓል ወግ ነበር። «እንቁራሪቶቹ» በተባለው ድራማ (405 ከክ.ል.በ.) ዲዮናይሰስ፣ ማለትም የወይንና የቴአትር አምላክ፣ ያውም በዓሉ የሚከበርለት ባለቤቱ ራሱ፣ ቦርጫምና ፈሪ ሆኖ ብቅ ይላል። ሄርኩለስን የመሰለ መስሎት በቢጫ ቀሚሱ ላይ የአንበሳ ቆዳ ደርቦ ሲመጣ እውነተኛው ሄርኩለስ በሳቅ ይፈርሳል። አምላክ ተብዬው ወደ ሙታን ዓለም ሲወርድ ፍርሃት ያንቀጠቅጠውና ከተመልካቹ ፊት፣ በክብር ወንበር ላይ የተቀመጠውን የራሱን ቄስ «አድነኝ!» ይላል። አምላክ በቄሱ ሲማጠን አይታችሁ ታውቃላችሁ? አሽከሩ ክሳንቲያስ ደግሞ በአህያ ላይ ተቀምጦ ሸክም ተሸክሞ ከጌታው በላይ ብልህ ሆኖ ይጓዛል። ይህችን አህያ አንባቢ በልቡ ይያዝልኝ፤ በኋላ እንፈልጋታለን።

«ወፎቹ» በተባለው (414 ከክ.ል.በ.) ሄርኩለስ ራሱ የአማልክት አምባሳደር ሆኖ ለድርድር ይላካል። የተጠበሰ ሥጋ ሲሸተው ግን የአባቱን የዜውስን በትረ መንግሥት አሳልፎ ለመስጠት ይስማማል። በዚያ ላይ አንተ ዲቃላ ስለሆንክ ከአባትህ ርስት አታገኝም ተብሎ በሕግ አንቀጽ ይነገረዋል! ይህንን በሺህ የሚቆጠር ሰው በተሰበሰበበት፣ በመንግሥት በዓል ላይ ያሳዩት ግሪኮች ናቸው ዛሬ በካርቱን የተቆጡት።

ተረቱን መለዋወጥስ? ኤውሪፒደስ «ሄራክለስ» በተባለው ትራጀዲ ያደረገውን ማየት ነው። በሌሎቹ ተራኪዎች ዘንድ ሄርኩለስ መጀመሪያ ያብዳል፣ ልጆቹን ይገድላል፣ ከዚያ ለኃጢአቱ ማስተሠረያ አሥራ ሁለቱን ታላላቅ ገድሎች ይፈጽማል። ኤውሪፒደስ ገለበጠው። ሰውዬው ገድሉን ሁሉ ጨርሶ፣ ዓለምን ከአውሬ አጽድቶ፣ ቤተሰቡን ከግፈኛ ንጉሥ አድኖ፣ ደስታው በሞላበት ሰዓት ነው እብደቱ የሚላክበት። ሚስቱን ሜጋራንና ልጆቹን በገዛ እጁ ይፈጃል። ለምን? ምንም አላጠፋም። አባቱ ዜውስ የሰው ሚስት አታሎ ስለወለደው የዜውስ ሚስት ሄራ በቅናት በገነች፤ ዜውስን መንካት ስላልቻለች ልጁን ነካች። ነገሩ ይኸው ነው። የበላዩ አጠፋ፣ የበታቹ ተቀጣ። ከእብደቱ በፊትም አሳዳጊ አባቱ አምፊትርዮን ዜውስን ፊት ለፊት ይወቅሳል፤ የሰው አልጋ መውጣት የምታውቅ፣ የወለድከውን ማዳን ግን የማታውቅ ነህ የሚል ይዘት ያለው ወቀሳ ነው። በልዑል አምላክ ላይ፣ በአደባባይ!

(ነገራችን ካልቀረ አንድ ነገር ጣል ላድርግ። የሄርኩለስ እናት አልክሜኔ የኤሌክትርዮን ልጅ ናት፤ ኤሌክትርዮን ደግሞ ፐርሲየስ ከአንድሮሜዳ የወለደው ነው። አንድሮሜዳ ማን ናት? በግሪኮች ተረት የኢትዮጵያ ንጉሥ የኬፊየስ ልጅ ናት። ስለዚህ የዚህ ጉልበተኛ ቅድመ አያት ኢትዮጵያዊት ነበረች ማለት ነው። እርግጥ የጥንት ግሪኮች «ኢትዮጵያ» ሲሉ ዛሬ በካርታ ላይ የምናያትን አገር ብቻ ማለታቸው አልነበረም። ቢሆንም የዲዝኒ ሠዓሊዎች ይህችን አያት አልፈለጓትም፤ ልጁን ቀይ ጸጉር ቀብተው ሸኙት።)

እንግዲህ መሳቅም መለዋወጥም ወንጀል ካልሆነ የዲዝኒ ወንጀል ምንድነው?

በፊልሙ ውስጥ ዜውስ ምን እንደሆነ ተመልከቱ። ፂሙ የተንዠረገገ፣ ልጁን አቅፎ የሚያጫውት፣ ሚስቱን የሚወድ ደግ አባት! ሄራ ደግሞ የሄርኩለስ ወላጅ እናት ተደርጋ በፈገግታ ትታያለች። አልክሜኔና አምፊትርዮን ሕፃን ያገኙ ደጋግ የገጠር ሰዎች ሆነዋል። ማታለል የለም፣ ቅናት የለም፣ ዲቃላ የለም። ታዲያ ታሪክ ያለ ክፋት አይሄድምና ክፋቱ ለማን ተሰጠ? ለሔድስ፣ ለሙታን ዓለም ሹም። ይህ ሹም በግሪኮች ተረት ፐርሰፎኔን ጠልፎ ከማግባቱ በቀር ከቤቱ ወጥቶ ሰው ሲበድል እምብዛም የማይሰማ፣ የደረሰውን ዕጣ ተቀብሎ መሬት ውስጥ ተቀምጦ የሚሠራ ሰው ነበር። ዲዝኒ የላይኛውን ዙፋን ኃጢአት ጠቅልሎ በታችኛው ጫንቃ ላይ አራገፈው። ዙፋኑ ንጹሕ ሆነ፤ ጥፋቱ ሁሉ የአንድ ቅር የተሰኘ ሹመኛ ሆነ። የዚህ ዓይነት ታሪክ አጻጻፍ የት ነበር የምናውቀው?

የእኔ ክስ ይህ ነው። ዲዝኒ ስለሳቀ አይደለም የምከሰው፤ መሳቅ ያለበትን ቦታ እየዘለለ ስለሳቀ ነው። ተረቱን ስለቆረጠም አይደለም፤ ከሁሉ መርጦ በኃያሉ ላይ የቀረበውን ክስ ቆርጦ ስላወጣ ነው። ሄርኩለስን ሰለበው ማለቴም ለዚህ ነው። ጡንቻው አለ፣ አንገቱ የበሬ አንገት ነው፤ «አባቴ ሆይ፣ ስለምን?» ብሎ የሚጠይቅበት ነገር ግን ተወስዷል።

ኮረሱን እንይ። በግሪክ ድራማ ውስጥ ኮረስ ማለት አሥራ ሁለትም አሥራ አምስትም ሃያ አራትም ሰው ሆኖ እየዘፈነና እየጨፈረ የሚታዘብ የሕዝብ ወገን ነው። ይፈራል፣ ይጠራጠራል፣ ጀግናውን ይገሥጻል። በኮሜዲ ደግሞ አንድ ሰዓት ላይ ታሪኩን አቁሞ ወደ ተመልካቹ ዞሮ በደራሲው ስም ከተማውን ልክ ልኩን ይነግራል። የእኛ ነገሥታት «እረኛ ምን አለ?» እያሉ ያስጠይቁ ነበር ይባላል፤ አቴናዎች እረኛውን መድረክ ላይ አውጥተው አቆሙት። ዲዝኒ ይህንን ሐሳብ ወሰደና አምስት የጥበብ አማልክት፣ በጥቁር አሜሪካውያን የቤተ ክርስቲያን ዜማ የሚዘፍኑ፣ ድምፃቸው ያማረ ሴቶች አደረጋቸው። ፊልሙ በአንድ ሽማግሌ የከበደ ትረካ ሲጀምር አቋርጠው ገብተው ወሬውን ሲነጥቁት፣ እውነቱን ልናገር፣ ግሩም ነው! አሪስቶፋነስም ይስቅ ነበር። ግን ከዚያ በኋላ ምን ይላሉ? ያሞግሳሉ። ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ማሞገስ ብቻ! አንዲት ጥርጣሬ እንኳ ከአፋቸው አይወጣም። አዝማሪ ለጋበዘው ጌታ የሚያወርደው ውዳሴ እንኳ ቢያንስ ውስጡ ወርቅ ይኖረዋል፤ ይህ ሰም ብቻ ነው።

ከሁሉ የሚያናድደኝ ደግሞ ይህ ነው። ኩባንያው ለዚህ ፊልም ሥዕል ያስመጣው ጄራልድ ስካርፍን ነው። ስካርፍ ማለት እንግሊዛዊ የካርቱን ሠዓሊ፣ ማርጋሬት ታቸርን ጨምሮ ያገሩን ጠቅላይ ሚኒስትሮች በብዕሩ እየሸነተረ በጋዜጣ ላይ ሲያወጣ የኖረ ሰው ነው። በዘመናችን ከአሪስቶፋነስ ጋር አንድ ማዕድ የሚቀመጥ ሰው ቢፈለግ ከእርሱ ወዲያ የለም። ይህንን የመሰለ ሰው ቀጥረው ምን አሠሩት? የአማልክትን ጸጉር እንዲያጠማዝዝ! ብዕሩን ገዙ፣ መርዙን ግን በር ላይ አስቀመጡት።

ፊልሙ በራሱም ይስቃል የሚሉ አሉ። እርግጥ ነው፣ ሄርኩለስ ዝነኛ ከሆነ በኋላ አሻንጉሊቱ፣ ጫማው፣ መጠጡ ሁሉ በስሙ ሲቸበቸብ የሚያሳይ ትዕይንት አለ። ጎበዝ! እዚያው ላይ ደግሞ ኩባንያው የሄርኩለስን አሻንጉሊት በራሱ ሱቆች ደርድሮ ይሸጥ ነበር። ለፊልሙ ምረቃም እ.ኤ.አ. ሰኔ 1997 ኒው ዮርክ ላይ መንገድ ተዘግቶለት በመብራት ያሸበረቀ ሰልፍ አካሄደ። አቴናዎችም ለዲዮናይሰስ በዓል ሰልፍ ነበራቸው፤ ነገር ግን ለኮረሱ ማሠልጠኛ የሚከፍለው ከተማው የመደበው ሀብታም ዜጋ ነበር፤ ዳኞቹም ከአሥሩ ጎሣ በዕጣ የሚወጡ ነበሩ። ሀብታሙ ከፍሎ የሚሰደብበት ዓለም ነበር እኮ! በራስ ላይ መሳቅና በራስ ላይ እየሳቁ ዕቃ መሸጥ ለየቅል ናቸው።

አንድ ነገር ግን ልመሰክርለት ይገባል። ሜጋራ ተብላ የቀረበችው ልጅ ከተረቱ ሜጋራ ጋር ከስሟ በቀር የሚያገናኛት የለም፤ ግን ሌላ ሴት ትመስላለች። ለምትወደው ሰው ሕይወት ስትል ነፍሷን አሳልፋ ሰጥታለች፤ ሰውየው ከዳት። ሄርኩለስም ከሞት መንጋጋ ፈልቅቆ ያወጣታል። ይህ በ438 ከክ.ል.በ. የቀረበው የኤውሪፒደስ «አልኬስቲስ» አጥንት ነው። እዚያም ሚስት ለባሏ ብላ ትሞታለች፣ ባል ተብዬው ደግሞ ሌላ ሰው እንዲሞትለት መለመኑን ነውር አላለውም፣ ሄርኩለስ ለቅሶ ቤት መግባቱን ሳያውቅ ጠጥቶ ይዘፍናል፣ ኋላ ሲነግሩት አፍሮ ሄዶ ከሞት ጋር ታግሎ ያስመልሳታል። የሚያስቅና የሚያስለቅስ በአንድ ማሰሮ የተሠራ ድራማ ነው። ሠሪዎቹ አውቀውም ይሁን ሳያውቁ ፊልሙ ነፍስ ያገኘው እዚች ልጅ ላይ ነው። እንደገና ሳየው የማልሰለቸውም እሷንና ምላሱ የማያርፈውን ሔድስን ብቻ ነው።

ጭራቁ ይሻላል

አራት ዓመት ቆይቶ፣ እ.ኤ.አ. በ2001፣ ስለ ግሪክ አንዲት ቃል የማይተነፍስ ሌላ የካርቱን ፊልም ወጣ። «ሽሬክ» ይባላል። መሠረቱ ዊልያም ስታይግ በ1990 የጻፈው የልጆች መጽሐፍ ነው። ወላጆች በሙሉ ያውቁታል፤ አረንጓዴው ጭራቅ፣ ለፍላፊው አህያ፣ ሌሊት ሌሊት መልኳ የሚለወጠው ልዕልት። በእኔ አስተያየት ከሁለቱ ፊልሞች የግሪክ ልጅ ይህ ነው። በስም ሳይሆን በደም።

ጭራቁን እንያዝ። ሰው በላው ባለ አንድ ዓይን ሳይክሎፕስ ፖሊፊመስ በሆሜር ዘንድ አስፈሪ ነው። ግሪኮች ሦስት ትራጀዲ ካሳዩ በኋላ ተመልካቹ አዝኖ ወደ ቤቱ እንዳይገባ አራተኛ ጨዋታ ያቀርቡ ነበር፤ ግማሽ ሰው ግማሽ እንስሳ የሆኑ ሰካራሞች የሚፈነጩበት የሳቲር ድራማ። ከዚያ ዓይነት እስከ ዛሬ ሙሉውን የተረፈልን አንድ ብቻ ነው፤ እሱም የኤውሪፒደስ «ሳይክሎፕስ»። ጭራቁ እዚያ መድረክ ላይ ሰክሮ ይስቅበታል። ታዲያ የሚያስቀው ጭራቅ የሚያፈቅር ጭራቅ የሆነው መቼ ነው? እዚህ ላይ ነው ታሪኩ የሚጥመው።

በሲራኩስ ከተማ፣ በሲሲሊ ደሴት፣ ቀዳማዊ ዲዮናስዮስ የሚባል አምባገነን ነበር። ጦር መምራት አላጠገበውምና ግጥምም ይጽፍ ነበር። ፊሎክሲነስ የሚባለውን ባለቅኔ ጠርቶ «ግጥሜ እንዴት ነው?» አለው። ፊሎክሲነስ እውነቱን ተናገረና የድንጋይ መፍለጫ ጉድጓድ ውስጥ ተጣለ፤ ያ ጉድጓድ የሲራኩስ እስር ቤት ነበር። ወዳጆች ለምነው አስፈቱት። አምባገነኑ እንደገና ግብር ላይ አስጠርቶ ሌላ ግጥም አነበበለትና አሁንስ ምን ትላለህ ሲለው፣ ባለቅኔው ዘበኞቹን ጠርቶ ወደ ጉድጓዱ መልሱኝ አላቸው ይባላል። ሌሎች ደግሞ የታሰረው የዲዮናስዮስ ውሽማ በነበረችው በገላቲያ የተነሣ ነው ይላሉ። ብቻ በአንዱም በሌላውም፣ ፊሎክሲነስ የጻፈው ቅኔ ፖሊፊመስ ለባሕር ልጅ ለገላቲያ በፍቅር ሲቃጠል የሚያሳይ ነው፤ ሰሚው ሁሉ ጭራቁ ማን እንደሆነ ያውቅ ነበር ብለው የጥንት ጸሐፊዎች ይተርካሉ። እንግዲህ የሚያፈቅረው ጭራቅ የተወለደው በእስር ቤት፣ በአምባገነን ላይ የተወረወረ ድንጋይ ሆኖ ነው! ከዚያ በኋላ በ3ኛው ክፍለ ዘመን ከክ.ል.በ. እዚያው ሲራኩስ የተወለደው ቲዮክሪተስ ጭራቁን አራራው። ባሕር ዳር ተቀምጦ አንድ ቅንድብ አለኝ፣ አፍንጫዬ ደፍጣጣ ነው፣ ግን በጎችና አይብ አሉኝ እያለ ያንጎራጉራል። አስቀያሚነቱን የሚያውቅ፣ የሚወደድ ጭራቅ። ረግረጉ ብቻ ነው የቀረው።

አሁን አህያዋን እንፈልግ። «ውበትና አውሬው» የምንለው ተረት፣ ዲዝኒም በ1991 ፊልም ያደረገው፣ በጽሑፍ በ1740 በፈረንሳይ ወጣ ይባላል። ሥሩ ግን ሩቅ ነው። በ2ኛው ክፍለ ዘመን ከክርስቶስ ልደት በኋላ የሰሜን አፍሪካው ሰው አፑሌየስ በላቲን በጻፈው መጽሐፍ ውስጥ አለ፤ ባለታሪኮቹ ኩፒድና ሳይኪ ናቸው። ጭራቅ ታገቢያለሽ የተባለች ልጅ፣ አገልጋዮቹ በዓይን የማይታዩ ቤተ መንግሥት፣ ምቀኛ እህቶች፣ ሁሉም አለ። ይህንን ተረት በመጽሐፉ ውስጥ የምትናገረው አንዲት አሮጊት ስትሆን ለተጠለፈች ልጅ ነው የምትነግራት፤ አጠገባቸው ቆሞ የሚያዳምጠው ደግሞ በአስማት አህያ የሆነ ሰው ነው። መጽሐፉን የሚተርክልንም እሱ አህያው ነው! የክሳንቲያስ አህያ አሽከሩን ብቻ ተሸከመች፤ የአፑሌየስ አህያ ታሪኩን ተሸከመ፤ የሽሬክ አህያ ግን ለፍልፎ ጌታውን አላስቀምጥ አለ። ፊልሙ ያንን የቆየ ተረት መጨረሻ ላይ ገልብጦታል። አውሬው መልከ መልካም አይሆንም፤ ልዕልቲቱ ትጨራቃለች፣ ተስማሚም ይሆናሉ።

ይህ ሁሉ ግን የዘር ሐረግ ቆጠራ ነው። ደሙ የታወቀው ጥርሱን ሲያሳይ ነው። ሽሬክ ገና ከመጀመሪያው የተረት መጽሐፍ ያነብና ገጹን ገንጥሎ ሽንት ቤት ይጠቀምበታል። ዱሎክ በተባለችው ከተማ ሎርድ ፋርኳድ የተባለ አጭር ገዥ አለ። ንጉሥ አይደለም፤ ንጉሥ ለመባል ልዕልት ማግባት አለበት። ልዕልቲቱን ለማምጣት ባላባቶችን መርጦ ሲልክ እናንተ ልትሞቱ ትችላላችሁ፣ እኔ ግን መሥዋዕትነቱን እቀበለዋለሁ ይላቸዋል። የተረት ፍጥረታትን በሙሉ አስለቅሞ ያስባርራል፤ ሰው ጎረቤቱን ይዞ መጥቶ ገንዘብ ይቀበላል፣ ጄፔቶ እንኳ ልጁን ፒኖኪዮን ይሸጣል። በሠርጉ ቀን ሕዝቡ መቼ ማጨብጨብ፣ መቼ ዝም ማለት እንዳለበት በካርቶን ተጽፎ ከፍ ይደረግለታል። ያንን ካርቶን ያላየ አለ?

ከተማዋ ደግሞ ያለምንም ጥርጥር የዲዝኒ መዝናኛ ፓርክ ናት። መግቢያ በር አለ፣ የሚዘፍኑ አሻንጉሊቶች አሉ፣ ሁሉም ንጹሕ፣ ሁሉም በሰልፍ። የፊልሙ ኩባንያ የድሪምወርክስ መሪ ጄፍሪ ካትዘንበርግ በ1994 ከዲዝኒ ተጣልቶ የወጣ፣ ኋላም ከሶ በ1999 በካሳ የታረቀ ሰው ነው። አጭሩ ሎርድ የያኔው የዲዝኒ አለቃ ማይክል አይዝነር ነው ብለው ብዙዎች ጠረጠሩ። ታዲያ ይህ የግል ቂም ነው፣ «ቂም ይዞ ጸሎት ሳል ይዞ ስርቆት» ትሉኝ ይሆናል። እኔ ደግሞ እላለሁ፦ ይሁን! አሪስቶፋነስስ ቂም አልነበረውም? በ426 ባቀረበው ድራማ የተነሣ የዘመኑ ጉልበተኛ ክሌዎን በምክር ቤቱ ፊት ጎትቶታል፤ ይህንንም ራሱ በ«አካርናውያን» ውስጥ ያነሣዋል። በ424 መልሱን ሰጠ። «ፈረሰኞቹ» በተባለው ድራማ ሕዝብን ደንቆሮና ነጭናጫ ሽማግሌ፣ ክሌዎንን ደግሞ ጌታውን እያቆላመጠ የሚሰርቅ አዲስ አሽከር አድርጎ አወጣው። መልኩን የሚመስል ጭንብል የሚሠራ ባለሙያ በፍርሃት ጠፋ ይላል ድራማው ራሱ። አንደኛ ሽልማት ወሰደ! (ያው ሕዝብ ብዙም ሳይቆይ ክሌዎንን የጦር አዛዥ አድርጎ መረጠው። ሕዝብ ስቆ ይመርጣል።)

እኛ «ሰማይ አይታረስ ንጉሥ አይከሰስ» ብለን ተርተናል። ያ ሰውዬ ሁለቱንም አደረገ። «ሰላም» በተባለው ኮሜዲ (421 ከክ.ል.በ.) አንድ የወይን ገበሬ በግዙፍ የፋንድያ ጥንዚዛ ላይ ተፈናጦ ጦርነቱን ስለማታቆም ልከስህ መጣሁ ሊለው ወደ ዜውስ ቤት ይበራል። ጥንዚዛዋን ያገኘው ከኤዞፕ ተረት ነው።

ለሽሬክ ጠበቃ መቆሜ ግን ለመጀመሪያው ፊልም ብቻ ነው። ከ480 ሚሊዮን ዶላር በላይ ካስገባ በኋላ ምን ሆነ? በ2003 ዩኒቨርሳል በተባለው ኩባንያ መዝናኛ ፓርክ ውስጥ የሽሬክ ትርዒት ተከፈተ። በመዝናኛ ፓርክ የሳቀው ጭራቅ መዝናኛ ፓርክ ገባ! በ2004፣ በ2007፣ በ2010 ተከታይ ፊልሞቹ ወጡ፤ እያንዳንዱ ከበፊቱ የለሰለሰ። በ2016 ድሪምወርክስ ለዩኒቨርሳል ባለቤት ለኮምካስት በ3.8 ቢሊዮን ዶላር ተሸጠ። ለካ ጥርስም ይሸጣል።

እንግዲህ «አንተ ሰውዬ፣ የልጆች ካርቱን ነው እኮ፣ ምን ይህን ያህል አስጮኸህ?» የሚለኝ አንባቢ አይጠፋም። እንስሳ ሲያወራ የልጆች ነው ያለው ማነው? ወፍ፣ እንቁራሪት፣ ተርብ፣ ጥንዚዛ እያወጣ ጎልማሶችን ያስጮኸውን ሰው አሁን አይተናል። ባሪያ ነበር የሚባለው ኤዞፕ በአንበሳና በቀበሮ አፍ የተናገረው በግልጽ መናገር ስላልቻለ ነው። የእሱን ተረቶች በ17ኛው ክፍለ ዘመን ፈረንሳዊው ላፎንቴን በግጥም አወጣቸው፤ የላፎንቴንን ደግሞ ሩሲያ የተማረው በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ይዞልን መጣ። የመጀመሪያው የአማርኛ ድራማ የሚባለው የእርሱ «ፋቡላ፡ የአውሬዎች ኮሜዲያ» ከዚያ የተቀዳ ነው። በመድረክ ላይ አውሬዎች ብቻ ናቸው የሚናገሩት። የሰው ስም አልተጠራም፣ የሹም ስም አልተነሣም። መኳንንቱ ተቀምጠው አዩ። ጉቦውንና የአስተዳደሩን ብልሹነት በአውሬዎቹ አፍ ሰሙ።

ንግሥት ዘውዲቱ የልጆች ጨዋታ ነው ብለው አላለፉትም። አገዱት።